ለጣፋጭና ለስጦታ የሚሆን በአልኮል የተዘፈዘፈ ፍራፍሬ በቤት ውስጥ አዘገጃጀት

ከገና ጾም መግቢያ እስከ ጥምቀት ባለው ጊዜ፣ እዚህ ጎንደር ውስጥ ኬክ የሚጋግሩና ለወዳጅ ዘመድ ስጦታ የሚያዘጋጁ ሰዎች ደጋግመው የሚያነሡልኝ ጥያቄ አንድ ነው፦ «ፍራፍሬውን በመጠጥ ዘፍዝፌ፣ ከድኜ አስቀመጥኩት፤ በሳምንቱ ግን አረፋ አወጣና ጎመዘዘ፤ ጥፋቴ ምን ላይ ነው?» አብዛኛውን ጊዜ ችግሩ የሚመጣው ከጠርሙሱ ንጽሕና ወይም ከፍሬው ዓይነት ሳይሆን፣ የመጠጡና የፍሬው ልክ ካለመመጣጠኑ ነው። ስለዚህ አስቀድሜ ልኬቱን አስረዳለሁ፤ ከዚያ በኋላ የደረቅ ፍሬንና የትኩስ ፍሬን አዘገጃጀት በየተራ አቀርባለሁ።

ልኬቱ

ኮክ፣ ብርቱካን፣ አናናስ፣ ማንጎም ሆነ እንጆሪ ከክብደታቸው ከ80 እስከ 90 በመቶ የሚሆነው ውኃ ነው። ይህ ውኃ በፍሬው ውስጥ እንደታሰረ አይቀርም። በጥቂት ቀናት ውስጥ ወደ መጠጡ ይወጣል፣ መጠጡም ወደ ፍሬው ይገባል፣ በመጨረሻም በጠርሙሱ ውስጥ ያለው ሁሉ ወደ አንድ ዓይነት ጥንካሬ ይመጣል። ሊያሳስብዎት የሚገባው እንግዲህ በመጠጡ ምልክት ላይ የተጻፈው 40 በመቶ አይደለም፤ የፍሬው ውኃ ከተቀላቀለበት በኋላ የሚተርፈው ጥንካሬ ነው። እርሾ እስከ 15 ወይም 16 በመቶ፣ ጠንካራው ዓይነት ደግሞ እስከ 18 በመቶ በሚደርስ አልኮል ውስጥ መሥራት ይችላል። ከ20 በመቶ በላይ ሲሆን ግን ይቆማል።

በቁጥር እንየው። 1 ኪሎ ትኩስ ፍሬ 850 ሚሊ ሊትር ያህል ውኃ ይዟል እንበል። በላዩ ግማሽ ሊትር ባለ 40 በመቶ መጠጥ ቢያፈሱ፣ ንጹሑ አልኮል 200 ሚሊ ሊትር፣ ጠቅላላው ፈሳሽ ደግሞ 1,350 ሚሊ ሊትር ይሆናል፤ ጥንካሬው ወደ 15 በመቶ ወረደ ማለት ነው፤ ይህም እርሾ ተመችቶት የሚፈላበት መጠን ነው። በዚያው 1 ኪሎ ላይ 1 ሊትር ቢያፈሱ ግን 400 ሚሊ ሊትር አልኮል በ1,850 ሚሊ ሊትር ፈሳሽ ውስጥ ይኖራል፤ ይህም ከ21 በመቶ ጥቂት ከፍ ይላል። ስኳሩም ሲሟሟ ቦታ ስለሚይዝ ይህን ቁጥር ትንሽ ዝቅ ያደርገዋል። «መጠጡ ብዙ ሆነ» ብለው ከ1 ሊትሩ ላይ እንዳይቀንሱ የምመክረው በዚሁ ምክንያት ነው።

ከዚህ የሚወጣው ደንብ የሚከተለው ነው። ለትኩስ ፍሬ፣ ተልጦና ተቆራርጦ ለተመዘነ ለእያንዳንዱ 1 ኪሎ ቢያንስ 1 ሊትር ባለ 40 በመቶ መጠጥ ያስፈልጋል። መጠጡ ባለ 35 በመቶ ከሆነ 1.4 ሊትር ይሁን። ከ35 በመቶ በታች የሆነውን ለትኩስ ፍሬ ባይጠቀሙበት ይሻላል፤ በቂ ጥንካሬ ለማግኘት የሚያስፈልገው ብዛት ፍሬውን በፈሳሽ ያጥለቀልቀዋል። ለደረቅ ፍሬ ነገሩ ቀላል ነው፦ ዘቢብና ቴምር ውኃቸው ጥቂት ስለሆነ ለ500 ግራም 400 ሚሊ ሊትር ይበቃል፣ ጥንካሬውም ከ30 በመቶ በላይ ሆኖ ይቆያል። ለመጀመሪያ ጊዜ የሚሞክሩ ከሆነ በደረቁ እንዲጀምሩ የምመክረው ለዚህ ነው።

«ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጠዋለሁ፤ ልኬቱ ምን ያደርግልኛል?» የሚሉ አሉ። መብራት ለሰዓታት በሚጠፋበት ቤት ፍሪጅን ዋና ጠባቂ ማድረግ አይቻልም። ጥንካሬው በትክክል የተለካ ጠርሙስ ግን ቁም ሣጥን ውስጥም ሆኖ አይበላሽም።

የትኛውን መጠጥ?

ቮድካ የፍሬውን ጣዕም እንዳለ ያሳያል፤ ጂን የራሱ የቅመም መዓዛ ስላለው ለብርቱካንና ለአናናስ ይስማማል፤ ሩምና ኮኛክ ለዘቢብ፣ ለቴምርና ለኮክ ከሁሉ ይበልጣሉ። የፋብሪካ ምርት የሆነውን፣ ማሸጊያው ያልተነካውንና የአልኮል መጠኑ በግልጽ የተጻፈበትን ይግዙ። ሲገዙ ቁጥሩን ማንበብዎን አይርሱ፤ በአንድ መደርደሪያ ላይ ጎን ለጎን ከቆሙት ጠርሙሶች አንዱ ባለ 40፣ ሌላው ግን ባለ 25 በመቶ ጣፋጭ ሊኬር ሊሆን ይችላል። ውድ መጠጥ አያስፈልግም፤ ለዓመታት በበርሜል የቆየ ኮኛክ ያለው ረቂቅ ጣዕም በስኳርና በቀረፋ መካከል ጠፍቶ ይቀራል።

ኡዞ መጠቀም ይቻላል፤ ነገር ግን የፍሬው ውኃ ሲደርስበት ወተት መስሎ ይነጣል። ይህ የሚሆነው በውስጡ ያለው የአኒስ ዘይት ውኃ ሲበዛበት ከአልኮሉ ስለሚለይ ነው፤ መበላሸቱን አያመለክትም። ለስጦታ ግን መልኩ ስለማያምር እኔ አልመርጠውም።

ስለ አረቄ የሚጠይቁኝ ብዙዎች ናቸው። በቤት የተጣራ አረቄ ጥንካሬው ከአንዱ አውጪ ወደ ሌላው፣ እንዲያውም ከአንዱ ቀን ወደ ሌላው ይለያያል። ዳግም የተባለው ከተራው እንደሚበረታ ቢታወቅም በቁጥር ስንት እንደሆነ ግን አልተጻፈበትም፤ ስለዚህ ከላይ ያለውን ስሌት መሥራት አይቻልም። ከዚህ የሚከፋው ደግሞ ሜታኖል የተባለው መርዘኛ አልኮል ይኑርበት አይኑርበት በቤት ውስጥ መለየት አለመቻሉ ነው። በእሳት ለኩሶ ነበልባሉን ማየት ማረጋገጫ አይሆንም፤ በሽታና በጣዕምም አይለይም። በተለይ ለሰው በስጦታ በሚሰጥ ነገር ላይ አረቄ አይጠቀሙ።

ጠጅና ጠላ ለዚህ ሥራ ፈጽሞ አይሆኑም። አልኮላቸው አነስተኛ ነው፣ እርሾአቸውም ሕያው ነው፤ ፍሬና ስኳር ሲጨመርላቸው መፍላታቸውን ይቀጥላሉ፣ በጥብቅ የተከደነ ጠርሙስም ሊፈነዳ ይችላል። በወይን ጠጅ የተዘፈዘፈ ፍሬ ይጣፍጣል፤ ነገር ግን ጥንካሬው 12 በመቶ ገደማ ስለሆነ በፍሪጅ ተቀምጦ በጥቂት ቀናት ውስጥ የሚበላ እንጂ የሚቆይ አይደለም።

ማስጠንቀቂያ፦ ከመድኃኒት ቤት የሚሸጠው ባለ 70 በመቶ አልኮል፣ የእጅ ማጽጃ ሳኒታይዘር፣ እንዲሁም ለማቀጣጠያ የሚሸጥ ማንኛውም አልኮል ለምግብ አይደለም። የማይጠጣ ንጥረ ነገር ሊኖርበት ስለሚችል በውኃ ቢቀጥንም መርዝነቱ አይጠፋም።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

ለደረቅ ፍሬ፦
- ዘቢብ 300 ግራም
- ቴምር 200 ግራም፣ ዘሩ ወጥቶ የተመዘነ
- ባለ 40 በመቶ ሩም፣ ኮኛክ ወይም ቮድካ 400 ሚሊ ሊትር፤ ለመሙያ የሚሆን 100 ሚሊ ሊትር ተጨማሪ
- የአንድ ብርቱካን ልጣጭ፣ ነጩ ክፍል ሳይኖርበት
- አንድ ጣት የሚያህል እንጨት ቀረፋ
- ቅርንፉድ 4 ፍሬ

ለትኩስ ፍሬ፦
- ኮክ፣ አናናስ፣ ብርቱካን ወይም ጠንከር ያለ ማንጎ 1 ኪሎ፣ ተልጦና ተቆራርጦ የተመዘነ
- ስኳር 200 ግራም
- ባለ 40 በመቶ መጠጥ 1 ሊትር
- የግማሽ ሎሚ ጭማቂ
- ከተፈለገ አንድ የኮረሪማ ፍሬ፣ ወይም አውራ ጣት የሚያህል ዝንጅብል

ዕቃዎች፦
- አፋቸው ሰፊ የሆነ የብርጭቆ ጠርሙሶች ከነክዳናቸው፣ ለትኩሱ በድምሩ ቢያንስ 2 ሊትር ተኩል የሚይዙ
- የኩሽና ሚዛን፣ ትልቅ ድስት፣ ማጥለያ፣ ንጹሕ ፎጣ
- ሚሊ ሊትር የተጻፈበት መለኪያ፤ ከሌለ ባዶ የግማሽ ሊትር የሃይላንድ ጠርሙስ ለመለኪያ ብቻ ያገለግላል
- ትንሽ የብርጭቆ ሳሕን ወይም መለኪያ ብርጭቆ፣ ፍሬውን ከፈሳሹ በታች ለመጫን
- ወረቀትና እስክሪብቶ ለምልክት

የፕላስቲክ ዕቃ ለመዘፍዘፊያ አይሆንም፤ ጠንካራ አልኮል ለሳምንታት ሲቀመጥበት ከፕላስቲኩ ሽታና ኬሚካል ያወጣል። የብረት ዕቃ ከፍሬው አሲድ ጋር ይጋጫል። ገንቦና ማሰሮም አልኮሉን በቀዳዳዎቻቸው ስለሚያተኑት ጥንካሬው ይቀንሳል።

ፍሬውን ስለ መምረጥ

ደረቁን ከቅዳሜ ገበያም ሆነ ከሱቅ ሲገዙ ዘቢቡን እፍኝ ወስደው ይጫኑት፤ ሲጫን የሚለሰልስ እንጂ እንደ ጠጠር የጠነከረ አይሁን። ቴምሩን አንዱን ሰንጥቀው ውስጡን ይዩ፤ ነፍሳት የሚደበቁት እዚያ ነው።

ትኩሱ የበሰለ ግን ያልላሸቀ መሆን አለበት። አልኮል ፍሬን አያጠነክርም፤ ዛሬ በጣት ሲነካ የሚጎደጉድ ማንጎ በሳምንት ውስጥ ገንፎ ይሆናል። ኮክ በክረምት ሲደርስ ያገኙታል፤ በነሐሴ የተዘፈዘፈ ለመስቀል ይደርሳል። ዘይቱን መዓዛው ግሩም ነው፣ ዘሩ ግን ያስቸግራል። እንጆሪ ቀለሙን ሁሉ ለመጠጡ ሰጥቶ ራሱ ይገረጣል፤ ፈሳሹ ይጣፍጣል፣ ፍሬው ግን ለዓይን አይስብም። ሙዝ ይጠቁራል፣ ይላሽቃል፤ አቮካዶ ቅባት ስለሆነ ጣዕሙ ይለወጣል፤ ሁለቱንም ይተዉአቸው። ከሎሚ የሚጠቅመው ጭማቂውና ቢጫው ልጣጭ ብቻ ነው።

አሠራር

1. ጠርሙሶቹን፣ ክዳኖቹንና ፍሬውን የሚጫኑበትን ትንሽ ሳሕን ወይም ብርጭቆ በሳሙና ካጠቡ በኋላ፣ በድስት ውስጥ ቀዝቃዛ ውኃ አልብሰው ወደ እሳት ያውጧቸው። ከቀዝቃዛ መጀመር ያለበት ብርጭቆ በድንገተኛ ሙቀት ስለሚሰነጠቅ ነው። ውኃው መንተክተክ ከጀመረ በኋላ 20 ደቂቃ ይቀቅሏቸው። በሌሎች አገሮች መመሪያዎች 10 ደቂቃ ሲባል ያነበቡ ይሆናል፤ ጎንደር ከባሕር ወለል ከ2,100 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ስለሆነች ውኃ እዚህ የሚፈላው በ93 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ገደማ ነው፤ የጎደለውን ሙቀት በጊዜ ማካካስ ያስፈልጋል። ካወጡ በኋላ በንጹሕ ፎጣ ላይ ደፍተው ያድርቋቸው፤ በውስጣቸው ጠብታ ውኃ እንኳ አይቅር።

2. እሳቱን ያጥፉ፤ ከዚህ በኋላ እስከ መጨረሻው ድረስ እሳት አያስፈልግም። መጠጡ ከመከፈቱ በፊት የከሰል ምድጃውም ሆነ ቡታ ጋዙ መጥፋቱን፣ ሻማም በአቅራቢያ አለመኖሩን ያረጋግጡ። ባለ 40 በመቶ መጠጥ ትነቱ በነበልባል ይቀጣጠላል።

ደረቁን የሚሠሩ ከሆነ ከ3 እስከ 6 ያሉትን፣ ትኩሱን የሚሠሩ ከሆነ ከ7 እስከ 11 ያሉትን ይከተሉ።

3. ዘቢቡን በትሪ ላይ ዘርግተው ጠጠሩንና እንጨቱን ይልቀሙ። ቀጥሎ ለብ ባለ ውኃ ፈጥነው አሸት አሸት አድርገው ይጠቡት። የሱቅ ዘቢብ እንዳይጣበቅ ዘይት ይቀባል፤ ዘይቱ ካልተወገደ መጠጡ ወደ ውስጥ የሚገባው በዝግታ ነው፣ በላዩም የቅባት ዓይን ይሠራል። በውኃው ውስጥ ግን አያቆዩት፤ ዘቢቡ መጠጣት ያለበት አልኮሉን እንጂ ውኃውን አይደለም።

4. የታጠበውን በፎጣ ላይ ዘርግተው ሙሉ በሙሉ እስኪደርቅ ድረስ ለጥቂት ሰዓታት ይተዉት። ዝንብ እንዳያርፍበት በስስ ጨርቅ ይሸፍኑት። ቴምሩን ሰንጥቀው ዘሩን ያውጡ፣ ውስጡን አንድ በአንድ ይመልከቱ፣ አራት ቦታም ይቁረጡት።

5. ፍሬውን፣ ልጣጩን፣ ቀረፋውንና ቅርንፉዱን በጠርሙሱ ውስጥ እያፈራረቁ ይጨምሩ። የጠርሙሱ ሁለት ሦስተኛ እንጂ አፉ ድረስ አይሙላ፤ ዘቢብ መጠጡን ሲጠጣ ያብጣል። ቅመሙ እንጨቱና ፍሬው እንጂ የተፈጨው አይሁን፤ ዱቄት ፈሳሹን ያደፈርሳል፣ ተጣርቶም አይወጣም። ቅርንፉድን ከ4 በላይ ማብዛት ምላስን ያደነዝዛል፣ ሌላውንም ጣዕም ይውጣል።

6. 400 ሚሊ ሊትሩን ያፍስሱ፣ ይክደኑ፣ በቀስታ ይገልብጡት። በማግሥቱ ሲያዩት ፍሬው መጠጡን ጠጥቶ ከላይ ያለው ሊጋለጥ ይችላል፤ ከተጠባባቂው 100 ሚሊ ሊትር እስኪሸፈን ድረስ ይጨምሩበት። ለደረቅ ፍሬ ስኳር አያስፈልግም፤ ራሱ ያለው ከበቂ በላይ ነው። አሁን ወደ 12 ይለፉ።

7. ትኩሱን ፍሬ ከመላጥዎ በፊት በሚወርድ ውኃ ይጠቡትና በፎጣ ያድርቁት። «ይላጥ የለ፣ ለምን ይታጠባል?» የሚል ካለ፣ በልጣጩ ላይ ያለውን አፈርና ጀርም ወደ ውስጥ ይዞ የሚገባው ቢላዋው ስለሆነ ነው።

8. ይላጡ፣ ይቁረጡ። ኮክን ለሁለት ከፍለው ጠንካራውን ድንጋይ ያውጡ፤ ድንጋዩን ሰብረው በውስጡ ያለውን ዘር ለመዓዛ ብለው አይጨምሩ፣ በሰውነት ውስጥ ሲያናይድ ወደተባለው መርዝ የሚለወጥ ንጥረ ነገር አለበት። ብርቱካኑን ነጩ ልባስ እስኪወገድ ድረስ ይላጡት፤ ያ ነጭ ክፍል ለሳምንታት ሲዘፈዘፍ ምሬቱን ሁሉ ይለቃል። አናናሱን ዓይኖቹንና ጠንካራውን መሐል አውጥተው ይክተፉት። የቁራጩ መጠን አንድ ጉርሻ ያህል ይሁን፤ በጣም ያነሰ ይፈራርሳል፣ በጣም የተለቀ ደግሞ መሐሉ አልኮል ሳይደርሰው ይቆያል። የሎሚ ጭማቂውን አርከፍክፈው ያገላብጡት፤ አየር ሲያገኘው እንዳይጠቁር ይረዳል።

9. አሁን ይመዝኑት። ገበያ ላይ የተመዘነው ክብደት ከነልጣጩ ስለሆነ ለስሌቱ አይጠቅምም፤ አናናስ ሲላጥ ምን ያህል እንደሚቀንስ የሚያውቁት ነው። በተገኘው ክብደት ልክ ስኳሩንና መጠጡን ያስተካክሉ።

10. ስኳሩን በፍሬው ላይ ነስንሰው፣ ከድነው፣ በቀዝቃዛ ቦታ ከሁለት እስከ አራት ሰዓት ይተዉት። ስኳር በጠንካራ አልኮል ውስጥ በቀላሉ አይሟሟም፤ በጠርሙሱ ግርጌ ይጋገራል። አስቀድሞ ከፍሬው ጋር ሲቀመጥ ግን የፍሬውን ጭማቂ ይስብና በዚያው ይሟሟል። ሌሊቱን ሙሉ ማሳደር ግን፣ በተለይ ከመጋቢት እስከ ግንቦት ባለው ሙቀት፣ ለመፍላት በር ይከፍታል። በስኳር ፋንታ ማር መጠቀም ይቻላል፤ የተጣራ ይሁን እንጂ ሰፈፍ ያለበት አይሁን፤ ፈሳሹም በጥቂቱ መደፍረሱ አይቀርም።

11. ፍሬውን ከነጭማቂው ወደ ጠርሙሶቹ ያጋቡ፣ መጠጡን ያፍስሱ፣ ኮረሪማው ካለ ፈልፍለው ቀጥቀጥ አድርገው፣ ዝንጅብሉ ካለ ልጠው ሰንጥቀው ይጨምሩ። ፍሬው መንሳፈፉ አይቀርም። ከፈሳሹ በላይ የቀረው ቁራጭ መጀመሪያ ይጠቁራል፣ ቀጥሎ ይሻግታል፤ የሻጋታ በሽታ ሁሉ የሚጀምረው ከዚያ ከተጋለጠው ጫፍ ነው። ስለዚህ የተቀቀለውን ትንሽ ሳሕን ወይም ብርጭቆ በላዩ ጭነው ፍሬውን ከፈሳሹ በታች ያድርጉት። በክዳኑና በፈሳሹ መካከል ሁለት ጣት ያህል ክፍተት ይተዉ።

12. በእያንዳንዱ ጠርሙስ ላይ ምልክት ይለጥፉ፦ የተዘፈዘፈበት ቀን፣ የመጠጡ ዓይነትና ጥንካሬ፣ የፍሬው ዓይነት። ከሦስት ወር በኋላ ሩሙን ከኮኛኩ በዓይን መለየት አይቻልም።

13. ብርሃን በማያገኘው ቁም ሣጥን ያስቀምጡት፤ የፀሐይ ብርሃን ቀለሙን ያነጣዋል፣ ጣዕሙንም ይለውጠዋል። ከምድጃ አጠገብ ያለ መደርደሪያ ለዚህ አይመችም። በመጀመሪያው ሳምንት በየቀኑ፣ ከዚያ በኋላ በሳምንት አንድ ጊዜ ጠርሙሱን በቀስታ ይገልብጡት፣ ስኳሩና አልኮሉ እኩል እንዲዳረሱ። በሳሕን የተጫነውን ግን አይገልብጡት፤ ቆሞ እንዳለ በክብ ያወዛውዙት።

14. በሦስተኛውና በሰባተኛው ቀን ከፍተው ያሽትቱ። ክዳኑ ሲከፈት «ጭስ» ካላለና ሽታው የፍሬና የመጠጥ ከሆነ ደኅና ነው። በሁለተኛው ሳምንት መጨረሻ ቀረፋውንና ቅርንፉዱን ያውጡ፤ ከዚያ በላይ ሲቆዩ መዓዛቸው አልቆ እንጨት እንጨት የሚል ምሬት ይተካል።

የሚደርስበት ጊዜ

ደረቁ በሳምንቱ ለኬክ ይሆናል፣ በሦስት ሳምንቱ ግን ይጥማል፤ ለገና የሚፈልጉት ከሆነ ጾመ ነቢያት በሚገባበት በኅዳር 15 ሰሞን ቢዘፈዝፉት ጊዜው ይበቃል። ትኩሱ ከአራት እስከ ስድስት ሳምንት ይፈልጋል፤ ከዚያ ቀድመው ቢቀምሱት ጠርዙ አልኮል አልኮል ይላል፣ መሐሉ ግን ገና ፍሬ ነው። ደረቁ በትክክል ከተለካና ከተሸፈነ እስከ ዓመት ይቆያል። ትኩሱን በስድስት ወር ውስጥ ይጨርሱት፤ ላይበላሽ ይችላል፣ ቁራጩ ግን እየላላ ይሄዳል። ባወጡ ቁጥር ደረቅና ንጹሕ ማንኪያ ይጠቀሙ፣ የቀረውም ፍሬ በፈሳሹ ስለ መሸፈኑ ያረጋግጡ።

የተለመዱ ስሕተቶች

በየጊዜው ፍሬ እየጨመሩ መጠጥ አለመጨመር። አንድ ጠርሙስ ይዘው ኮክ በመጣ ጊዜ ኮክ፣ ብርቱካን በመጣ ጊዜ ብርቱካን መጨመር ይቻላል፤ ነገር ግን እያንዳንዱ 100 ግራም አዲስ ፍሬ 100 ሚሊ ሊትር መጠጥ ይዞ ካልገባ ጥንካሬው በየዙሩ ይወርዳል፣ በሦስተኛው ዙር ላይ ይፈላል።

መጠጡን ማሞቅ። ቶሎ እንዲገባ በማሰብ በምድጃ ላይ የሚያሞቁ አሉ። አልኮል ከውኃ ቀድሞ ስለሚተን የሚያጡት ጠባቂውን አልኮል ነው፤ የእሳት አደጋውም ሌላ ነው።

ስኳር ማብዛት። ስኳር ሲበዛ ውኃውን ከፍሬው በኃይል ይስባል፤ ፍሬው ይጨማደዳል፣ ሲታኘክም ጎማ ይሆናል። ንጹሕ ባለ 96 በመቶ የምግብ አልኮል ሳይቀጥን ማፍሰስም ይህንኑ ውጤት ያመጣል።

የታጠበ ፍሬን ሳያደርቁ መጨመር። ጥቂት የሚመስለው እርጥበት ለደረቅ ፍሬ ብዙም ላያሳስብ ይችላል፤ በጠርዝ ላይ ላለው የትኩስ ፍሬ ልኬት ግን ከ20 በመቶ በታች የሚያወርደው እርሱ ሊሆን ይችላል።

አረፋ ሲያዩ ክዳኑን ማጥበቅ። አረፋ ማለት ጋዝ ማለት ነው፣ ጋዝ የታፈነበት ብርጭቆም ይፈነዳል። አረፋው ጥቂት ከሆነ፣ ሻጋታም ሆነ የኮምጣጤ ሽታ ከሌለው፣ ክዳኑን አላልተው ጋዙን ያስወጡ፤ የጎደለውን ባለ 40 በመቶ መጠጥ ጨምረው ወደ ፍሪጅ ያስገቡት፣ በሳምንት ውስጥም በሚጋገር ነገር ላይ ይጠቀሙበት። ለስጦታ አይሆንም። ሻጋታ ከታየበት፣ ከሆመጠጠ ወይም ፈሳሹ እንደ ተልባ ከተዝለገለገ ግን ሁሉንም ይጣሉት፤ የሻገተውን ከላይ ገፍፎ የቀረውን መብላት አይገባም።

አቀራረብ

ለኬክ የሚገባውን ፍሬ በማጥለያ አጥልለው በጥቂት ዱቄት ያገላብጡት፤ ካልሆነ ሲጋገር ሁሉም ወደ ግርጌ ይሰምጣል። ዘቢቡና ቴምሩ ያለ እንቁላልና ያለ ቅቤ ለሚጋገር የጾም ኬክም ርጥበት ስለሚሰጡ በተለይ ይጠቅማሉ። ትኩሱን በአይስክሬም ወይም በክሬም ላይ ሲያቀርቡ በማዕድ ሰዓት እንጂ አስቀድመው አይቀላቅሉት፤ የፍሬው አሲድና አልኮሉ ክሬሙን ይቋጥሩታል።

ሲጋገር አልኮሉ ሁሉ ይጠፋል ብለው አይተማመኑ። አንድ ሰዓት በተጋገረ ኬክ ውስጥ እንኳ ከተጨመረው አልኮል ሩብ ያህሉ ሊቀር ይችላል። ስለዚህ ይህ ምግብ ለሕፃናት፣ ለነፍሰ ጡር፣ በሃይማኖትም ሆነ በራሱ ውሳኔ አልኮል ለማይቀምስ ሰው አይቀርብም። ለአሜባና ለጃርዲያ የሚታዘዙትን ሜትሮኒዳዞልና ቲኒዳዞል የሚወስድ ሰውም መድኃኒቱን እስኪጨርስና ከዚያም በኋላ ሦስት ቀን እስኪያልፍ ድረስ አይቅመስ፤ የጉበት ሕመም ያለበትና የቲቢ መድኃኒት የሚወስድም እንዲሁ። እንግዳ ሲጋብዙ «አልኮል አለው» የሚለውን ከመቆረሱ በፊት ይናገሩ።

ለስጦታ ሲያዘጋጁ

ፍሬው ደርሶ ከተቀመሰ በኋላ እንጂ በተዘፈዘፈ ማግሥት አይስጡት። 250 ወይም 300 ሚሊ ሊትር የሚይዙ ትናንሽ ጠርሙሶችን በደረጃ 1 መሠረት ቀቅለው፣ ፍሬውን ሞልተው፣ ከዚያው ፈሳሽ እስኪሸፈን ድረስ ያፍስሱበት። ቀድሞ የወጥ ቅመም ወይም ዳጣ የነበረበትን ክዳን አይጠቀሙ፤ ጎማው ሽታውን ይዞ ይቆያል፣ ዘቢቡም አዋዜ አዋዜ ይላል።

ምልክቱ ላይ «አልኮል አለው» የሚለው ከሁሉ በላይ በጉልህ ይጻፍ፤ ከሥሩም የፍሬውና የመጠጡ ዓይነት፣ የተዘፈዘፈበት ቀን፣ እስከ መቼ ሊበላ እንደሚችልና «ፍሬው ሁልጊዜ በፈሳሹ ይሸፈን» የሚል ማሳሰቢያ ይኑር። ተቀባዩ አልኮል የሚቀምስ መሆኑን አስቀድመው በዘዴ ይጠይቁ፤ ለማይቀምስ ቤት በውብ ወረቀት የታሸገ ሩም ማድረስ ሰጪውንም ተቀባዩንም ያሳፍራል።

ወደ አዲስ አበባ በመኪና የሚልኩ ከሆነ፣ መንገዱ ወደ ዓባይ በረሃ ወርዶ እንደገና ስለሚወጣ የአየሩ ግፊትና ሙቀት ይለዋወጣል፣ ክዳኑም ሊያፈስ ይችላል። ሁለት ጣት ክፍተት ይተዉ፣ በአፉና በክዳኑ መካከል ስስ የምግብ ላስቲክ ያድርጉ፣ ጠርሙሱን በጨርቅ ጠቅልለው በፌስታል አስረው ቆሞ እንዲሄድ ያድርጉት።

ፍሬው አልቆ የሚተርፈውን ፈሳሽ አይድፉት። በወንፊትና በስስ ጨርቅ አጥርተው በጠርሙስ ቢያስቀምጡት በኬክ ላይ ለማርከፍከፍ ይሆናል። አዲስ ፍሬ ለመዘፍዘፍ ግን ብቻውን አይበቃም፤ ከትኩስ ፍሬ የተረፈው ጥንካሬው 20 በመቶ አካባቢ ስለሆነ፣ የሚቀጥለውን ዙር በአዲስ መጠጥ ይጀምሩ።